ከሌሶቶ የመጣ ተከራይ

ሰሞኑን የመጨረሻው ልጄ ስልኩን ስኳር ዕቃ ላይ አስደግፎ ኳስ ያይ ነበር። እኔ ከጎኑ ድንች እልጣለሁ። «እማ፣ ዛሬማ እየተጫወትን ነው የምናሸንፈው» አለኝ እየሣቀ። «ሌሶቶ እኮ ናት። የት እንዳለች የሚያውቅ ሰው አለ?»

«እኔ አውቃለሁ» አልኩት። የቀለድኩ መሰለውና ወደ ኳሱ ተመለሰ።

አይፈረድበትም። እኔ ከአምስተኛ ክፍል ነው ያቋረጥኩት። አባቴ ሲሞት እናቴን ላግዝ ቤት ቀረሁ። ስለ ዓለም አገሮች ጠይቁኝ ብል ውሸት ይሆናል፤ ስለ ሌሶቶ ግን የሰማሁት አንድም አልጠፋኝም።

ያኔ ደርግ ከወደቀ ጥቂት ዓመታት ሆኖት ነበር። ቤታችን ከደብረ ታቦር ወደ ጋሳይ በሚወስደው መንገድ ዳር ነበር። እናቴ የጓሮውን ክፍል ለአስተማሪዎች ታከራያለች። በዚያ ዓመት ሰኔ ላይ ግን አስተማሪው ተዛውሮ ክፍሉ ባዶ ስለነበር፣ የእርከን ሥራ የሚያሠራ አንድ መሥሪያ ቤት የውጭ አገር ባለሙያ ላከልን። ረጅም፣ ጥቁር ሰው ነው። የለበሰው ኮት አይደለም፤ የበቆሎ ራስ የተሠራበት ወፍራም የሱፍ ብርድ ልብስ በትልቅ መርፌ ቁልፍ ደረቱ ላይ አያይዞ ነበር። ስሙ ሞሌፌ ነው።

አዲስ አበባ ጥቂት ወራት ስለተቀመጠ አማርኛ ይሞክራል፤ ግን ለሴቱም ለወንዱም፣ ለሕፃኑም ለሽማግሌውም «አንተ» ነው የሚለው። በመጀመሪያው ቀን አያቴን «አንተ ደህና ነህ?» ሲላቸው እናቴ ደነገጠች።

«ተይው» አሉ አያቴ። «አንተ የሚለኝ ካጣሁ ስንት ዘመኔ! ልጅ አደረገኝ እኮ።»

አያቴ ከጋሳይ በላይ ካለ የገጠር ቀበሌ ነበሩ። ደረታቸውን ታመው ለሕክምና እንዲቀርባቸው እኛ ዘንድ ተቀመጡ። ድሮ ገበሬ ብቻ አልነበሩም፤ ሰው የገደለን ከሟች ወገን ጋር የሚያስታርቁ፣ ደም የሚያደርቁ ሽማግሌ ነበሩ። ያን ክረምት ከምድጃው ዳር ተቀምጠው የሚያስታርቁት ሰው ስላጡ ሞሌፌን ያዙ። የሱን አማርኛ በደንብ የምሰማው እኔ ስለሆንኩ አጠገባቸው ቁጭ ብዬ የጎደለውን እሞላለሁ።

«አገርህ ወዴት ነው?» አሉት አያቴ በመጀመሪያው ዕለት ማታ እራት ላይ።

ሞሌፌ እንጀራው ላይ ጠቆመ። «ይህ ሁሉ ደቡብ አፍሪካ።» ቀጥሎ መሃል ላይ የፈሰሰችውን የድንች ወጥ አሳየ። «ይህች የእኔ። ዙሪያዋን ሌላ አገር። በር የለም፣ ባሕር የለም።»

«አገር ከአገር ሆድ ይገባል?» አለች እናቴ።

«ምን ቸገረሽ፣ ወጡ ያለው መሃል ላይ ነው» አሉ አያቴ፤ ሦስታችንም ሣቅን። እናቴ አልሣቀችም። እናቴ እንደ እኔ ናት፤ ወይም እኔ እንደሷ ወጣሁ። የማታውቀው ነገር ሁሉ ልጇን ሊነካ የመጣ ይመስላታል።

ዝናቡ ሲበረታ ወሬያችንም በረታ። አገሩ ከዳር እስከ ዳር ተራራ እንደሆነ ነገረን። ቤታቸው ክብ የሣር ቤት ነው፤ ማገዶ ስለሌለ ኩበት ያነዳሉ። እኛ ክረምት ሲሆንብን እነሱም ብርድ ይሆንባቸዋል፤ ልዩነቱ የእነሱ ተራራ ነጭ በረዶ መልበሱ ነው። ወንዶቹ ወርቅ ሊቆፍሩ ወደዚያ ትልቅ አገር ይሄዳሉ፣ ሴቶቹ ቤቱንም እርሻውንም ይዘው ይጠብቃሉ። አያቴ ጉና ተራራ ላይ ስለጣለው በረዶ ይነግሩታል። ሁለቱም ስለ ብርድ ሲያወሩ የሚሞቃቸው ይመስለኝ ነበር።

አንድ ማታ ስለ ንጉሣቸው ጠየቁት። ድሮ ጦርነት አገሩን ሲበትነው ይህ ንጉሥ ከየቦታው የሸሸውን ሰው አናቱ ሜዳ በሆነ ተራራ ላይ ሰበሰበ። ጠላት ሲመጣ ድንጋይ ያንከባልሉበታል። በኋላ ነጮቹ ገበሬዎች ቆላውን ሲወስዱበት የእንግሊዟን ንግሥት ጥበቃ ለመነ፤ አገሪቱ ሳትዋጥ የቀረችው በዚህ ነው።

«በዚያ ጊዜ ረሃብ ነበር» አለ ሞሌፌ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ሰው ሰው በላ። የንጉሡን አያት በሉት።»

እናቴ በሩ ላይ ማሰሮ ይዛ ቆማ ነበር። «ምን አለ? ሰው ይበላሉ?» አለችኝ። አዎ፣ ግን ድሮ ነው፣ ታሪኩ አላለቀም ብላትም አልጠበቀችም። ማሰሮውን እንደያዘች ወጣች።

ታሪኩ ግን አላለቀም ነበር። ሰው በሊታዎቹ ተይዘው ቀረቡ፤ ሰው ሁሉ ይገደሉ አለ። ንጉሡ፣ «የአያቴ መቃብር የእነዚህ ሆድ ነው። የአያቴን መቃብር ላፍርስ?» አለ። ለመቃብር የሚደረገውን ሥርዓት በእነሱ ላይ አደረገና የሚያርሱት መሬት ሰጥቶ ለቀቃቸው።

አያቴ እሳቱን ቆሰቆሱት። ከዚያ፣ «ያን ሁሉ ደም ሳደርቅ ይህን ቃል ባገኘሁት ኖሮ» አሉ። «ድገምልኝ እስቲ፣ ሞሌ።» ደገመላቸው።

በማግሥቱ ጠዋት እናቴ ለሞሌፌ በወሩ መጨረሻ ክፍሉን እንዲለቅ ነገረችው። «እሺ» አለ፤ ለምን ብሎ አልጠየቀም። አያቴ ግን ተቆጡ።

«ግማሹን ሰምተሽ ትፈርጃለሽ? ጨርሰሽ ስሚው!»

«የሰማሁት ይበቃኛል፣ አባባ። አንቱስ ሽማግሌ ነዎት። እኔ ሴት ልጅ አለችኝ።»

ወሬው ሰፈሩን ለመዞር ጊዜ አልፈጀበትም። ሞሌፌ ከሥራ ሲመለስ በዝናብ እየዞረ ቤት ይጠይቃል፤ ማንም «ባዶ ክፍል አለኝ» አይለውም። ቤት ካላገኘ ሥራውን ጥሎ ሊሄድ እንደሆነ ነገረኝ። እኔ እናቴን አልቅሼ ለመንኳት። ምንም አልበገራትም። ዛሬ ሴት ልጅ ወልጄ ሳየው፣ እኔስ ብሆን ምን አደርግ ነበር እላለሁ።

ወሩ ሳያልቅ አያቴ የደረት ሕመሙ ጠናባቸው። በሦስት ቀን ውስጥ ሞቱ። አስከሬናቸው ወደ አገራቸው ሲወጣ ሞሌፌ ጭቃውን ከዘመዶቻችን እኩል እየረገጠ፣ ተራ እየገባ ተሸከመ። እናቴ አየችው።

በሠልስቱ እናቴና እኔ ፀጉራችንን ተላጭተን፣ ቤቱ በለቀስተኛ ተሞልቶ ሳለ ሞሌፌ ጎንበስ ብሎ ገባ። ራሱን ሙልጭ አድርጎ ተላጭቷል። ምላጩ ሁለት ቦታ አድምቶታል፤ ዝናቡ ከግንባሩ እየወረደ ነው። 

«ምን ሆኖ ነው? ማን ሞተበት?» አለችኝ እናቴ።

ጠየቅኩት። «በእኛ አገር የቤት ሽማግሌ ሲሞት ቤተሰቡ ይላጫል» አለ። «የዚህ ቤት ሽማግሌ ሞተ። እዚህ ሌላ ቤት የለኝም።»

እንዳለው አድርጌ ነገርኳት።  እናቴ ተነሥታ ወደ ጓዳ ገባች፤ የአያቴን የሱፍ ቆብ ይዛ ወጣች።

«በዚህ ዝናብ ራሱን ገልጦ! ብርድ ሊመታው እኮ ነው» አለች። ቁመቱ ስለማይደረስበት፣ «ዝቅ በል» አለችው። ዝቅ ሲል ቆቡን በገዛ እጇ እስከ ጆሮው ጎትታ አጠለቀችለት። «በል ና፣ ከወንዶቹ ጋር ተቀመጥ።»

ስለ ክፍሉ ከዚያ በኋላ አንድም ቃል አልተነሣም። ሁለት ዓመት አብሮን ኖረ። «አንቱ» ማለትም ተማረ፤ እናቴን አንቱ ሲል እኔን ግን ሆን ብሎ «አንተ» እያለ ያሾፍብኝ ነበር። ወደ አገሩ ሲመለስ እናቴ ራሷ የፈተለችውን ጋቢ ለእናቱ ላከችላት። እሱን ይዞ በአውቶቡስ ሄደ፤ ከዚያ በኋላ ወሬውን አልሰማሁም።

ኳሱ አልቆ ልጄ ስልኩን ሲያነሣ ይህን ሁሉ ነገርኩት። «ሰው የበሉትን ለቀቃቸው?» አለ፤ ከዚያ ድንች ያዘና ይልጥልኝ ጀመር።

ይህ ልጅ የዩኒቨርሲቲ ምድብ ወጥቶለታል። የደረሰው ከተማ እኔ ስሙን እንጂ መንገዱን የማላውቀው፣ ቋንቋውም ሌላ የሆነ ነው። አገራችን ነው ይሉኛል፤ አዎ ነው። ግን ሌሊት እንቅልፍ ሳጣ የማስበው ስለ ትምህርቱ አይደለም። አንድ ቀን ከግቢው ማደሪያ ወጥቶ በሰው በር ላይ ቆሞ «ክፍል አላችሁ?» ሲል የምታየው ሴት ስለሱ የሰማችው ምን ይሆን እላለሁ። የሰማችው ግማሽ ቢሆንም፣ ብርድ እንዳይመታው ብላ የምትሰጋለት ብትሆን ይበቃኛል።