ከስዊድን በአሜሪካ በኩል ሉማሜ

ሉማሜ እንግሊዝኛ ማስተማር በጀመርኩ በሁለተኛው ዓመት፣ አንድ ጠዋት የግብርና ባለሙያው የክፍሌን በር አንኳኳ። ከአሜሪካ የመጡ አንዲት ስንዴ አምራች ከገበሬዎቻችን ጋር ሊወያዩ እንደሆነ፣ ከደብረ ማርቆስ ይመጣል የተባለው አስተርጓሚ ደግሞ መታመሙን ነገረኝ። «ለግማሽ ቀን ብቻ ነው» አለኝ። ተማሪዎቼ እያጨበጨቡ ሸኙኝ።

እንግዳዋ ሰባ ዓመት ያለፋቸው፣ በበሩ ለመግባት ጎንበስ የሚሉ ረጅም ሴት ነበሩ። ስንጨባበጥ መዳፋቸው ሻካራ ነበር፤ የእውነት ገበሬ መሆናቸውን ያን ጊዜ አወቅሁ።

በገበሬዎች ማሰልጠኛው አዳራሽ አንድ ሰዓት ሙሉ ዋግ ስለሚባለው የስንዴ በሽታና እንግዳዋ ስለሚዘሩት ዋግ የሚቋቋም ዘር ተወራ። እኔ ስለ ዋግ የማውቀው ስሙን ብቻ ስለነበር በላብ ተጠመቅሁ። አለቀ ብዬ ስተነፍስ፣ ከደብሩ አጠገብ የራሳቸውን ማሳ የሚያርሱ የቅኔ መምህር ተነሡ። እኛ የኔታ እንላቸዋለን።

«መምህርት፣ ስለ ዋጉ ተግባብተናል» አሉኝ። «አሁን የማን ልጅ እንደሆኑ ጠይቂልን። ዘራቸውን ሳናውቅ ዘራቸውን እንዴት እንዘራለን?»

አዳራሹ ሳቀ። ይህን ወደ እንግሊዝኛ መመለስ አልቻልኩም፤ «ስለ ቤተሰብዎ ይንገሩን ይላሉ» ብዬ አለፍኩት። ሴትዮዋ ግን ጥያቄውን ሲጠብቁት የኖሩ ይመስል ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ ተቀመጡ።

«ቅድመ አያቶቼ ከስዊድን የመጡ ናቸው» አሉ። ተረጎምኩ።

«ከስንዴ?» አሉ ጆሯቸው የደከመ አንድ አባት ከኋላ።

እንግዳዋ ለምን እንደተሳቀ ጠየቁኝና ስነግራቸው ከሁሉም በላይ የሳቁት እሳቸው ሆኑ።

ከዚያ በኋላ የተናገሩትን ስተረጉም ድካሜ ጠፋ። የአያታቸው አያት የተወለዱበት አገር መሬቱ ድንጋያማ ነበር። አባት በሞተ ቁጥር ለልጆች እየተሸነሸነ፣ መጨረሻ ላይ በሬ የማይዞርበት ቁራሽ ብቻ ቀረ። ገበሬዎቹ እርስ በርሳቸው ተያዩ። ዝናቡ ሲጠፋ እኒያ ሰው ሚስታቸውንና አንድ ሣጥን ይዘው በመርከብ አሜሪካ ገቡ፤ ሚኒሶታ በሚባለው ግዛት ዛፍ በሌለበት ሜዳ ላይ ከነሣሩ የተቆረጠ አፈር እንደ ጡብ ደርድረው ቤት ሠሩ። ከዚያው አገር የመጡ ጎረቤቶች ተሰባሰቡና፣ የራሳቸው ቤት ገና ጣሪያው እያፈሰሰ ቤተ ክርስቲያን አቆሙ። ስብከቱም መዝሙሩም በስዊድን ቋንቋ ነበር። ልጆቹ ግን በእንግሊዝኛ ይመልሱ ጀመር፤ የልጅ ልጆቹ ጭራሽ አይሰሙም። «ከቋንቋው ለእኔ የደረሰኝ አንድ ስድብና ከአንድ እስከ ዐሥር መቁጠር ነው» አሉ።

«ስድቡን እንስማ» አለ አንድ ጎልማሳ። የኔታ ዓይናቸውን አፈጠጡበት።

ለገና ምን እንደሚበሉ ሲጠየቁ የነገሩንን ነገር እንዴት እንደምተረጉመው ጨነቀኝ። የደረቀ ዓሣ ነው፤ አመድ በተበጠበጠበት ውሃ ለቀናት ይዘፈዘፋል፤ ከዚያ ታጥቦ ይቀቀላል።

የኔታ ጥቂት አሰቡ። «ዓሣው ንስሐ ገብቶ ነው?» አሉ።

እኔ ራሴ መናገር አቃተኝ። እንግዳዋ ጉልበቴን ይዘው «ምን አሉ? ምን አሉ?» ይላሉ፤ እኔ ሆዴን ይዣለሁ፤ ገበሬዎቹ በእኔ ይስቃሉ።

ነገሩ የከረረው ወደ ስማቸው ስንመጣ ነው። የስማቸው መጨረሻ «ሰን» የሚል ነው፤ ትርጉሙም ወንድ ልጅ ማለት መሆኑን አስረዳሁ።

«እኒህ ሴትዮ ወንድ ልጅ ነኝ ይላሉ?» አሉ ጆሯቸው የደከመው አባት። ይህን ደግሞ በደንብ ሰምተዋል።

እንግዳዋ ዕንባቸውን እየጠረጉ አስረዱ። በጥንቱ ስዊድን ሰው የሚጠራው እንደ እኛ በአባቱ ስም ነበር፤ ወንዱ የእገሌ ወንድ ልጅ፣ ሴቷ የእገሌ ሴት ልጅ ትባላለች። አሜሪካ ሲገቡ ግን ቤተሰብ ሁሉ አንድ ስም ይያዝ ተባለ። በዚያን ጊዜ የነበረው ስም እዚያው ቀረ፤ ከዚያ በኋላ የተወለደ ሁሉ፣ ሴቱም ወንዱም፣ ከሞቱ መቶ ዓመት ያለፋቸው የአንድ ሰው ወንድ ልጅ ሆኖ ይኖራል።

የኔታ አልሳቁም። «ታዲያ የወለዱዎት አባት ምን በድለው ነው የተዘለሉት?» አሉ።

ተረጎምኩላቸው። «ምንም አልበደለም» አሉ ሴትዮዋ። «ዝምተኛ ሰው ነበር። ላሞቹን ይወድ ነበር።»

«ስማቸውን ያንሡልን።»

አነሡ። የኔታ የእንግዳዋን ስም አስቀድመው የአባታቸውን ስም አስከተሉና፣ ደብተራ ቃል እንደሚያወርድ ረገጥ አድርገው ጠሯቸው። የአባትየው ስም ለአፋችን ስላልተመቸ አዳራሹ በሙሉ ይለማመድ ጀመር። አንዱ ይጎትተዋል፣ አንዱ መሐሉን ይውጠዋል፣ ሌላው ያርመዋል፤ ያ ዝምተኛ የላም ወዳጅ በሕይወቱ ይህን ያህል ተጠርቶ አያውቅም። እንግዳዋ ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ሸፈኑ። አስከፋናቸው ብዬ ደነገጥሁ። እጃቸውን ሲያነሡ ያለቅሱም ይስቁም ነበር። «በአባቴ ስም ተጠርቼ አላውቅም» አሉኝ።

ወደ ደብረ ማርቆስ የሚመለሱበት መኪና ሲነሣ፣ በመስኮት አንገታቸውን አውጥተው ለሚያልፈው ሰው ሁሉ ስማቸውን ከነአባታቸው ይናገሩ ነበር።

ከወራት በኋላ በቴሌግራም ቪዲዮ ላኩልኝ። በአገራቸው ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ለበጋ በዓል የተሰበሰቡ የስዊድን ስደተኞች የልጅ ልጆች ናቸው። አንድ በአንድ እየተነሡ የራሳቸውንና የአባታቸውን ስም ይናገራሉ፤ አንዳንዱ ሳይጨርስ በሳቅ ይወድቃል። በተሽከርካሪ ወንበር ያሉ አንድ ሽማግሌ ተራቸው ሲደርስ በድንገት በስዊድን ቋንቋ ቀጠሉ። ከልጅነታቸው ወዲህ ተናግረውት አያውቁም ብለው ሴትዮዋ ጽፈውልኛል።

ቪዲዮውን ማሰልጠኛው ድረስ ወስጄ አሳየኋቸው። የኔታና ገበሬዎቹ ስልኬን ከበው ተቀምጠው አዩ። በመጨረሻ እንግዳችን ብቅ አሉና ፊታቸውን ወደ ካሜራው አስጠግተው፣ ከዚያ በፊት የማያውቁትን አማርኛ ቃል በቃል እያነሡ «እንደምን ከረማችሁ?» አሉ።

ገበሬዎቹ ከመቀመጫቸው ብድግ ብለው፣ በአንድ ድምፅ፣ «እግዚአብሔር ይመስገን» ብለው ለስልኬ መለሱ።