የባሌ ታላቅ ወንድም የፍሳሽ ጉድጓድ

የባሌን ታላቅ ወንድም ጠልቼው ኖርኩ፤ እሱም እኔን። ይህን ለማለት ዛሬ አላፍርም። ሞያሌ በኬንያ በኩል፣ በአንድ ግቢ ውስጥ ሁለት ቤት ነበረን። የፊተኛው የእሱ፣ የጓሮው የእኛ። የሁለታችንም ፍሳሽ ግቢው መሃል ወደተቀበረ አንድ ሴፕቲክ ታንክ ይገባ ነበር። ያሠራው እሱ ነው። ጎረቤቱ ሁሉ ጉድጓድ ቆፍሮ በእንጨት ሲሸፍን፣ እሱ በድንጋይና በሲሚንቶ ማሠራቱን ለመጣ እንግዳ ሁሉ ያወራል። ክዳኑን በሲሚንቶ አስደፍኖ የፍየሎቹን በረት በላዩ ሠራበት። «አንዴ ከተሠራ አለቀ፤ አይነካም» ይል ነበር።

ሞባይል ስልክ ገና ከተማችን በገባበት ሰሞን ጉድጓዱ ይገነፍል ጀመር። የእኛ ቤት ዝቅ ያለ ስለነበር ጥቁሩ ውኃ የሚወጣው በእኛ መታጠቢያ ወለል ነው። በጣሳ እየቀዳሁ ስደፋ ሰነበትኩና ሄጄ ነገርኩት። በረንዳው ላይ ተቀምጦ ጫት ይቅማል። ቀና ብሎ እንኳ አላየኝም።

«ውኃ ታበዢያለሽ» አለ።

«ጋሼ፣ እኔ ውኃ የምገዛው በጀሪካን፣ ከአህያ ላይ ነው። ምኑን አበዛዋለሁ?»

«ያገርሽ ልማድ ነው። ወንዝ አጠገብ ያደገ ሰው ቁጠባ አያውቅም።»

ዲላ መወለዴን እንደ ጥፋት ነበር የሚቆጥረው። ባሌ ከባድ መኪና እየነዳ ኢሲዮሎና ናይሮቢ ስለሚመላለስ ቤት የሚያድረው ጥቂት ቀን ነው። ስነግረው «ታላቄ ነው፤ እለፊው» ብሎ ይተኛል።

አንድ ጠዋት የእኛን ቱቦ አፍ በጨርቅና በጭቃ ተወትፎ አገኘሁት። የወተፈው እሱ ነው፤ አልካደም። ልጆቼን ጓሮ ውስጥ በሳፋ እያጠብኩ፣ ለሽንት ቤት የጎረቤት በር እያንኳኳሁ ሁለት ሳምንት ቆየሁ። ከእኛ ቤት አንዲት ጠብታ አልገባችም። ጉድጓዱ ግን መሙላቱን አልተወም። አሁን ፍየሎቹ እግር ሥር ፈንድቶ ወጣ። ያን ቀን የእኛ ውኃ እንዳልሆነ ገባኝ። እሱም ሳይገባው አልቀረም።

የባሌ ወንድም ፍየል ሊገዛ ጎዶማ የሚባል መንደር የሄደ ዕለት ከሄሉ መንደር አንድ ፉንዲ አስመጣሁ። ፉንዲ የምንለው ግንበኛውን ነው። ቦረና ነው፤ አማርኛውን ከስዋሂሊ እያቀላቀለ የሚናገር ዝምተኛ ሽማግሌ። ፍየሎቹን አውጥተን በረቱን አነሳን። ሲሚንቶውን በመሮ ፈልፍሎ ክዳኑን ገፋ አደረገና ወዲያው ወደ ኋላ አፈገፈገ።

«ማማ፣ ራቂ። እሳት የለም፣ ሲጃራ የለም። ማንም ጭንቅላቱን አያስገባም። የውስጡ አየር ይገድላል።»

እስኪናፈስ ድረስ መሬቱ ላይ በእንጨት እየሣለ አስረዳኝ። ከባዱ ነገር ወደ ታች ይዘቅጣል፣ ቅባቱ ወደ ላይ ይንሳፈፋል፣ መሃል ላይ ያለው ውኃ ብቻ ወደ ሁለተኛው ክፍል አልፎ አፈር ውስጥ ይሰርጋል። ዝቃጩ በየጥቂት ዓመቱ ካልወጣ መሃል የሚባል ነገር አይኖርም። ከዚያ ረጅም አጣና ወደ ታች ሰደደ። አጣናው ገና ከአፉ ተያዘ። ስቦ ሲያወጣው ጫፉ ላይ ነጭ፣ ጥፍጥፍ የመሰለ ነገር ተጣብቋል።

«ይህ ከማድ ቤትሽ አይደለም» አለ። «ሞራ ነው። እዚህ ግቢ ማን ያርዳል?»

ባለ ሥጋ ቤቱ የባሌ ወንድም ነው። ፍየል የሚያርደው፣ የግመል ጨጓራና አንጀት የሚያሳጥበው ከቤቱ ፊት ለፊት፣ ወደዚሁ ጉድጓድ በሚገባው ማፍሰሻ ላይ ነው። እውነቱን ልናገር፣ በሕይወቴ እንዲያ የተደሰትኩበት ቀን ጥቂት ነው። ሮጬ ለሰፈሩ ሁሉ መናገር አማረኝ።

እሱ ግን ካሰብኩት ቀድሞ መጣ። ከበሩ ጀምሮ ይጮሃል።

«ማን ፈቀደልሽ? የማን ቤት መሰለሽ?»

ፉንዲው በስዋሂሊ አክብሮ እየጠራው አጣናውን አሳየው። «ምዜ፣ የሞላው ሞራ ነው።»

«ውሸት! ጨርቅ ነው! እሷ የምትጥለው ጨርቅ ነው፤ አሁን አውጥቼ አሳይሃለሁ!»

በደረቱ ተኝቶ እጁንና ጭንቅላቱን ወደ ጉድጓዱ ሰደደ። ፉንዲው «ሀፓና! ተው!» እያለ ጮኸ። ከውስጥ ስድቡ ይሰማናል። ከዚያ ስድቡ ቆመ። እግሮቹ ላሉ፤ ሰውነቱ ቀስ እያለ ወደ ታች መንሸራተት ያዘ።

ቅርብ የነበርኩት እኔ ነኝ። አንድ ትንፋሽ ያህል ቆሜ አየሁት። ይህን ለማንም ነግሬ አላውቅም። ከዚያ ትንፋሼን ይዤ አንድ ቁርጭምጭሚቱን ያዝኩ፣ ፉንዲው ሌላውን። እንደ ከረጢት ጎተትነው። ከንፈሩ ጠቁሯል። ፉንዲው ጀርባውን ደጋግሞ ሲመታው አስመለሰና ዓይኑን ገለጠ። ጎረቤት ሁሉ አጥሩን ሞልቶ ያያል። የመጀመሪያ ቃሉ ይህ ነበር፦

«ገፋችኝ።»

ሽማግሌዎች ተሰበሰቡ። ፉንዲው ያየውን ተናገረ፤ የግቢው ባለቤት ያልጠራው ሰው ስለሆነ ግማሹ አላመነውም። ታረቁ ተባልን። ስንጨባበጥ የባሌ ወንድም የጣቱን ጫፍ ብቻ ሰጠኝ። እኔም የጣቴን ጫፍ ሰጠሁት።

ከሁሉም ያቃጠለኝ የባሌ ጥያቄ ነው። ከመንገድ ገብቶ ጫማውን ሳያወልቅ በሩ ላይ ቆሞ ጠየቀኝ።

«ገፍተሽዋል?»

«ብገፋው ኖሮ አይወጣም ነበር» አልኩት።

ከዚያ በኋላ አልጠየቀኝም። 

ፉንዲው ዝቃጩን በገመድና በባልዲ ሦስት ቀን ሙሉ አውጥቶ ከግቢው ውጭ ከአመድ ጋር ቀበረው። የባሌ ወንድም ክዳኑን መልሶ በሲሚንቶ ደፈነ፤ በረቱንም መልሶ ሠራ። እኛ ከጓሮ የራሳችንን ታንክ አስቆፈርን። ከመጀመሪያው ዶማ ጀምሮ ከግንበኞቹ ራስ ላይ አልተነሳሁም። ክዳኑ ሁለት ሰው የሚያነሳው እጀታ እንዲኖረው አደረግሁ፤ የቅባት ዕቃ አመድ ሳይነካው አላጠብኩም። በዓመት አንዴ አስከፍቼ፣ ፊቴን ወደ ነፋሱ አዙሬ፣ አጣና ከትቼ ዝቃጩን እለካለሁ። እሱ በረንዳው ላይ ሆኖ ያየኛል፤ ምራቁን እንትፍ ይላል።

ግቢውን ለቅቀን ወደ ኢትዮጵያ በኩል እስክንሻገር ድረስ «ገፋችኝ» ያለውን አንድም ቀን አላነሳም። ዕቃችንን ስንጭን ባሌን ብቻ አቅፎ ተሰናበተ። እኔ መኪናው ላይ ወጥቼ ልጆቼን አስቀመጥኩ።