ጨው የሌለው ሰላጣ ወደ ሱሉልታ

ሐሙስ ጠዋት ከሰበታ የተነሳሁት ለእናቴ ሰላጣ ልሠራላት ነው። ለሰላጣ ተብሎ ሦስት ከተማ አይዞርም፤ አውቃለሁ። ግን ሐኪሙ ለደም ግፊቷ ሲል ጨው ከከለከላት ወዲህ፣ እናቴ ሱሉልታ ቤቷ ተቀምጣ የቀረበላትን ሳህን መግፋት ሥራዋ ሆኗል። ባለፈው ሳምንት ሳያት ቀሚሷ ሰፍቷት ነበር። ፈራሁ። ሎሚና ቅጠል የጨውን ቦታ ይሸፍኑ እንደሆነ ልሞክር ብዬ ወጣሁ።

12:30፣ ሰበታ

አትክልተኞቹ ሰላጣውን ከነሥሩ ነቅለው በእርጥብ ጋዜጣ ጠቀለሉልኝ። ካሮት፣ ቲማቲም፣ ቃሪያ፣ አንድ እስር ፐርሰሜሎና የድንብላል ቅጠል ጨመርኩ። ታክሲ ውስጥ ረዳቱ ፌስታሉን ከወንበር ሥር ሊወትፈው ሲል ቀምቼ ጭኔ ላይ አስቀመጥኩት።

«ሕፃን ነው እንዴ?» አለኝ።

በአየር ጤናና በጦር ኃይሎች በኩል ሁለት ታክሲ ቀያይሬ ቡራዩ ደረስኩ።

3:00፣ ቡራዩ

ሎሚ የምገዛው ከኦቦ ገመቹ ነው። ሎሚ በሁዳዴ ይወደዳል፤ ግማሽ ኪሎው መቶ ብር ገብቷል።

«አከም ቡልተን፣ ኦቦ?» አልኳቸው በኦሮምኛ፤ እንዴት አደሩ ማለቴ ነው።

«ነጋ፣ ሰላም ነው። ትልልቁን ተዪው፣ ልጣጩ ብቻ ነው። ትንሹንና ስሱን ውሰጂ።» አንዱን ሰንጥቀው ዘረጉልኝ። «ቅመሺ።»

«ጾም ላይ ነኝ።»

«እንግዲያው አምነሽኝ ውሰጂ» ብለው ሁለት ብርቱካን መረቁልኝ።

«ገለቶማ፣ ኦቦ» ብዬ አመሰገንኳቸው።

5:00፣ ሱሉልታ

ዳገቱን ስናልፍ ብርዱ ገባ። እናቴ ደጅ ፀሐይ ላይ ተቀምጣለች። ፌስታሉን ከፍታ አየችና በአጥር ማዶ ወደሚግጡት ላሞች በአገጯ አመለከተች።

«ከነሱ ጋር አሰማርተሽኝ ብትሄጂ አይሻልም ነበር?»

የንስሐ አባቷ ለመድኃኒቱ ሲሉ ጾሟን እስከ ስድስት ሰዓት አሳጥረውላታል። እኔ እስከ ዘጠኝ ነኝ። ወጥ ቤት ገብቼ ሎሚ ጨመቅኩ፤ ቅጠሉን ከትፌ ከዘይት ጋር መታሁት። ጣቴን ወደ አፌ ሳስጠጋ የእናቴ ድምፅ ከደጅ መጣ።

«ልትቀምሺ ነው?»

ጣቴን አወረድኩ። በጾም ሳንቀምስ ማብሰል ለእኛ ብርቅ አይደለም፤ የጨው ልክ በእጃችን ነው። እጄ ግን ጨው የሌለው ነገር አብስሎ አያውቅም። ሳልቀምስ ልኩን እንደማላገኘው ኦቦ ገመቹ ሎሚውን ሲሰነጥቁልኝ ሊታየኝ ይገባ ነበር።

ግቢው ውስጥ የተከራየች ተስፋነሽ የምትባል ልጅ አለች። ከወላይታ የመጣች ጴንጤ ናት፤ ውሃ የሚያሽግ ፋብሪካ በፈረቃ ትሠራለች። ሁዳዴ ስለማይመለከታት የግቢው ወጥ ሁሉ የሚቀመሰው በእሷ ምላስ ነው። ማንኪያ ይዤ በሯን አንኳኳሁ።

ቀመሰች። «ጨው የለውም እኮ።»

«እንዲኖረው አይፈለግም። ለእማዬ ነው።»

ነገሩ ገባት። ነጠላ ጫማዋን አጥልቃ ተከትላኝ መጣች። «ሎሚ ጨምሪ» አለች። ጨመርኩ። «ቃሪያውን ውቀጪው፤ ነጭ ሽንኩርቱም ጥሬውን ይግባ።» ገባ። አራተኛው ማንኪያ ላይ ፊቷን አጨማደደች፤ የግማሽ ብርቱካን ጭማቂ አለዘበው። የቀረውን ብርቱካን ቆራርጠን ከአትክልቱ ጋር ቀላቀልን። ቅጠሉ እንዳይጠወልግ ማጣፈጫውን ያፈሰስነው ልክ ስድስት ሰዓት ሲሆን ነው።

እናቴ አማትባ በእንጀራ ጠቀለለችና ጎረሰች። ደግማ ጎረሰች። ሳህኑ ሊጋመስ ሲል ቀና ብላ ተስፋነሽን አየቻት።

«አንቺ ልጅ፣ ዛሬ ምላስሽን ምን ነካው? ይሄ ሁሉ ጨው ሲገባ ዝም ብለሽ ታያለሽ?»

ተስፋነሽ መሬት መሬት አየች። «አጥፍቻለሁ፣ እማማ።»

«ሐኪሙ ቢሰማ ምን ይላል?» አለችና የሳህኑን ጥግ በእንጀራ ጠረገችው።

ወጥ ቤት ገብቼ አለቀስኩ። ሽንኩርት ነው አልኩ።

11:30፣ ሰበታ

የቀረውን ሎሚ ለተስፋነሽ ትቼላት ተመለስኩ። ከዚህ መንገድ የተማርኩት፣ የራሴ እጅ የማያውቀውን ልክ የሰው ምላስ ሊያውቀው እንደሚችል ነው። እስከዛሬ ሰው አስቀምሶ ማብሰል የሰነፍ ሥራ ይመስለኝ ነበር።

መግባቴን ልነግራት ስልክ ደወልኩ።

«ደረስሽ? ተመስገን» አለች እናቴ። «ሌላ ጊዜ ስትመጪ ሰላጣውን በርከት አድርጊው። ጨውን ግን ቀንሺ።»

በሁዳዴ መዋሸቴን ለንስሐ አባቴ እናገራለሁ።

«እሺ፣ እማዬ» አልኳት፤ «እቀንሳለሁ።»