በግድግዳው ራስ ላይ የተሰቀለው ጋቢ

አምቦ የኖርንበት ቤት የቀበሌ ነበር፤ ግድግዳውን የምንጋራው ከወፍጮ ቤት ጋር ነው። ግድግዳው ቆርቆሮው ድረስ አይደርስም። ጭቃው አንድ ክንድ ያህል ሲቀረው ያበቃል፤ ከዚያ በላይ ክፍት ነው። የሠራው ሰው ጭቃ አጥሮት ይሁን፣ ሁለቱ ክፍሎች ድሮ የአንድ ሰው ስለነበሩ ይሁን አላውቅም። በዚያ ክፍተት የሞተሩ ድምፅ፣ የሰልፈኞቹ ሴቶች ወሬ፣ የናፍጣ ሽታና ዱቄት ይገባል። ጠዋት ስንነሣ ብርድ ልብሳችን ላይ ስስ ነጭ ነገር አርፎ ይጠብቀናል። ጠረጴዛው ላይ ያረፈው ዱቄት ላይ በጣቴ እጽፍ ነበር። ያኔ አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ግጥም ማንም አላስተማረኝም፤ ባገኘሁት ነገር ላይ ሁሉ እጽፋለሁ፣ የስኳር መጠቅለያም ይሁን ዱቄት። ዱቄቱ ላይ የጻፍኩትን በማግስቱ ሌላ ዱቄት ይሸፍነዋል።

ቤት ውስጥ ሦስት ነበርን፤ እናቴ፣ ዘጠኝ ዓመት የሞላት እህቴና እኔ። አራተኛው ታላቅ ወንድሜ ነበር። ለብሔራዊ ውትድርና ተመልምሎ አንድ ጠዋት በጭነት መኪና ሄደ። ሦስት ደብዳቤ ጻፈ፤ ከዚያ ዝም አለ። መርዶ አልመጣም፤ እሱም አልመጣም።

እኛ ዘንድ መንገደኛ ከቤት ሲወጣ እግሩን ተከትሎ ቤት አይጠረግም። ደርሷል እስኪባል ይጠበቃል፤ ቢበዛ እስከ ማግስቱ። እናቴ ግን የወንድሜ አልጋ ያለበትን ጥግ ከሄደበት ጠዋት ጀምሮ መጥረጊያ አላስነካችውም። ሌላውን ክፍል ትጠርግና አልጋው እግር ስትደርስ ትመለሳለች። “የት እንደ ደረሰ አልሰማሁም” ትላለች፤ ሌላ ምክንያት ሰጥታ አታውቅም። አልጋው ሥር ትቶት የሄደው ጥቁር የላስቲክ ጫማ በሁለተኛው ዓመት ነጭ ሆኖ ነበር።

እህቴ ማፏጨት የጀመረችው በዚያው ዓመት ነው። በአፏ አይደለም፤ በደረቷ። ስትተኛ የሆነ ሰው ከሩቅ በበር ቀዳዳ በኩል የሚያፏጭ ይመስላል። ሐሙስ ሲሆን ይብስባታል፤ ሐሙስ በርበሬ የሚፈጭበት ቀን ነው። የሩቅ ገጠር ሴቶች ሳይቀሩ ዛላቸውን አስቀጥቅጠው ይመጣሉ፤ ሞተሩ እስከ አመሻሽ አያርፍም። ከበርበሬው ቀጥሎ የወፍጮውን ድንጋይ ለማጥራት የሚፈጨው ጨውና እንክርዳድ ሳይቀር ቀይ ሆኖ ይወጣል። እኛም ከግድግዳው ወዲህ ሆነን እንደዚያ ድንጋይ ነበርን።

መጀመሪያ ያደረግሁት ነገር ሞኝነት ነበር። የማዳበሪያ ላስቲክ ቀድጄ፣ የወንድሜን ጥግ ሳልረግጥ ጠረጴዛ ላይ ቆሜ ክፍተቱን ከዳር እስከ ዳር በምስማር ደፈንኩት። ጎረቤታችን በበሩ አልፋ ስታየው “ቤታችሁ ታሸገ እንዴ? ምን አጠፋችሁ?” አለች፤ በዚያ ዘመን ማሸግ የቀበሌ ሥራ ስለነበር ሰልፈኞቹ ሁሉ ሳቁ። ዱቄቱ በእርግጥ ቀረ። ነገር ግን ለካ የከሰሉ ጭስና የእኛ ትንፋሽ የሚወጣውም በዚያው ነበር። በሦስተኛው ቀን ላስቲኩ ላብ ማንጠባጠብ ጀመረ፤ እህቴም ራሷን ይዛ አስታወከች። እናቴ በእንጨት ገፍታ አወረደችው።

ከዚያ ነው ወደ ክሊኒክ የወሰድናት። ድሬሰሩ ጸጥ ያለ ሰው ነበር፤ ኦሮምኛና አማርኛውን እየቀላቀለ ይናገራል። ጆሮውን ደረቷ ላይ አስደግፎ ብዙ ከቆየ በኋላ እናቴን “አዴ፣ ይህች ልጅ የምትበላው ዱቄት ይበቃታል፤ የምትተነፍሰውን ቀንሱላት” አላት። ቤት ቀይሩ ማለት እንደማይችል እሱም ያውቃል። ስለ ላስቲኩ ስነግረው ራሱን ነቀነቀ። መድፈን አይደለም፤ ማጥራት ነው አለ። አየር የሚያሳልፍ፣ ትቢያ የማያሳልፍ፣ ታጥቦ ደግሞ ወደ ቦታው የሚመለስ ነገር ፈልጉ። በውኃ እያራሳችሁ ስቀሉት።

ይህን እንደ ትእዛዝ ተቀብዬ ወጣሁ። ከቤት ለመውጣት ምክንያት የማላጣ ሰው ነበርኩ። መጀመሪያ የሄድኩት ወደ ወፍጮው ሠራተኛ ነው። ቅንድቡና ሽፋሽፍቱ ሁልጊዜ ነጭ ስለሆነ ዕድሜው አይታወቅም። ሞተሩን ከፍቶ ማጣሪያውን አሳየኝ፤ በዘይት የራሰ የሽቦ ጎጆ ነው። ሞተሩ በዚያ በኩል ነው የሚተነፍሰው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ በናፍጣ ያጥበዋል። አንተስ ለምን አፍህን አትሸፍንም ብዬ ጠየቅሁት። “ሞተሩ ቢቆም አገር ይጮኻል” አለኝ። “እኔ ብቆም ሌላ ይቀጠራል።” እየሳቀ ነው የተናገረው፤ ሳቁ በሳል አለቀ።

ጆንያ ሰቀልኩ፤ የራሱን ብናኝ አራገፈብን። አቡጀዲ ሰቀልኩ፤ ዱቄቱ እንደ ወንፊት አለፈበት። አዲስ ዓለም ድረስ በጭነት መኪና ሄጄ ከአንድ ጋራዥ አሮጌ ስፖንጅ ለምኜ አመጣሁ፤ አራት ቀን በደንብ ሠራ። ሲሞላ ሳጥበው ግን እጄ ላይ ቢጫ ፍርፋሪ ሆነ። ከጓሮ ባቃጥለው ጥቁር ጭሱ ዞሮ በዚያው ክፍተት ገባ፤ እህቴ ያን ቀን ስታፏጭ ዋለች። ያን ጊዜ የገባኝ፣ ማጣሪያ ሲመረጥ ሲያልቅ የት እንደሚሄድም አብሮ መታሰብ እንዳለበት ነው። ጎጆ ከተማ ያለ ዘመድ የላከልን የበግ ጠጉር ባና ደግሞ ሲርስ ቤቱን በረት በረት አሸተተው፤ ጠጉሩም ይረግፋል። እህቴ “በጓ ጎረቤት ሆነች” ብላ ሳቀች፤ ከሳቁ ጋር ፉጨቷ መጣ።

እውነቱን ለመናገር የሚሆነው ጨርቅ የቱ እንደሆነ ከመጀመሪያው ቀን አውቅ ነበር። የወንድሜ ጋቢ። ፈትሉን እናቴ ናት የፈተለችው። አራት ድርብ ነው፤ የእጅ ፈትል ስለሆነ ለስላሳ ጠጉር አለው፣ ዱቄት የሚይዘው ያ ጠጉር ነው። ወንድሜ ብርድ ልብስ ይሰጣችኋል ስላሉት ትቶት ሄደ። እናቴ ሳታጥበው ሳጥን ውስጥ አስቀመጠችው። እሑድ እሑድ ሳጥኑን ትከፍትና ፊቷን ጋቢው ላይ ታደርጋለች፤ ወዲያው ደግሞ ትዘጋዋለች፣ ሽታው እንዳይወጣ።

ጠየቅኋት። ማጣሪያ ከሆነ በየሳምንቱ መታጠብ እንዳለበት አልደበቅኋትም።

“ሰው ሳይመጣ ልብሱ አይታጠብም” አለችኝ። “የሚታጠበው የሞተ ሰው ልብስ ነው።”

“እሱ የለም፤ እሷ ግን አለች” አልኳት።

ቁጣ ጠብቄ ነበር። “የለም ያለህ ማነው?” ብላ ብቻ ጠየቀችኝ፤ ከልቧ ነው የጠየቀችኝ፣ የሰማሁት ነገር ካለ እንድነግራት።

በቀጣዩ ሐሙስ እኩለ ቀን ላይ እህቴ ከትምህርት ቤት ተመለሰች። ደብተሯን ጥላ ተንበረከከች። የእናቴን አልጋ ጠርዝ በሁለት እጇ ይዛ አንገቷን አስግጋ አየር ትፈልጋለች፤ ከንፈሯ አመድ መሰለ። ተሸክሜ ወጣሁ። ሰልፈኞቹ ሴቶች መንገድ ለቀቁልኝ፤ አንዷ ከእንስራዋ ውኃ ፊቷ ላይ አፈሰሰች፣ ሌላዋ ሞተሩን አስቆመች። ከሰፈራችን በታች ባለው ወንዝ ዳር አስቀምጬ ትከሻዋን ደግፌያት ቆየሁ። ትንፋሿ ሲመለስ መጀመሪያ ያለችው “ደብተሬን” ነው።

ስንመለስ እናቴ የወንድሜ አልጋ ላይ ቆማ ነበር። በዚያ ጥግ ባለው ዱቄት ላይ ሁለት ዓመት ማንም አልረገጠም ነበር፤ አሁን የእግሯ ዳና ከበሩ እስከ አልጋው ተሰልፏል። ጋቢውን በክፍተቱ ላይ ዘርግታ ቸንክራዋለች። እንዲርስ አልፈቀደችም። “ደረቁን ይሁን” አለች።

ደረቁም ሠራ። የወፍጮ ቤቱ በር ሲከፈት ጋቢው ወደ እኛ ያብጣል፤ ሲዘጋ ይሰምጣል። ደግሞ ያብጣል፣ ይሰምጣል። የተኛ ሰው ደረት ነው። ሦስታችንም አየነው። በሳምንቱ የእህቴ ፉጨት ቀነሰ፤ በሁለተኛው ሳምንት ሌሊቱ ጸጥ አለ። ነገር ግን እናቴ ሌላ ሰው ሆነች። መቀመጫዋን ወደዚያ ጥግ አዞረች። ስታወራ ጋቢው ሲሰምጥ ታቋርጣለች፤ እስኪያብጥ ትጠብቅና ወሬዋን ትቀጥላለች። አንድ ቀን እህቴ “ጋሼ ተኝቶ ነው?” ብላ ጠየቀች። ጨርቅ ነው፣ ነፋስ ነው ልል አፌን ስከፍት እናቴ “ዝም በል፣ ይረፍበት” አለችኝ።

እኔ ቤት መዋል አቃተኝ። ወንጪ ድረስ በእግሬ ወጣሁ። ሐይቁ ዳር አንድ ሰው አጥር ላይ ያሰጣው ነጭ ጨርቅ በነፋስ ሲያብጥ አየሁና፣ ውኃውን ሳልጠግብ ተመለስኩ። ስለ ጋቢው ግጥም ለመጻፍ ብዙ ሞከርኩ። ሁለተኛው ስንኝ ላይ ስደርስ ሁልጊዜ እጄ ይቆማል፤ ቀና ብዬ መንቀሳቀሱን አያለሁ።

በወሩ ገደማ ከውጭ ስገባ እናቴ አልጋው ላይ ቆማ ነበር፤ እጇ ወደ ጋቢው ተዘርግቷል።

“ቆመ” አለች።

ሞተሩ እየሠራ ነው፣ የወፍጮ ቤቱ በር ይከፈታል ይዘጋል። ጋቢው ግን እንደ ቆዳ ደርቆ ቀጥ ብሏል። እህቴ ጥግ ላይ ተቀምጣለች፤ ፉጨቷ ይሰማኛል። እናቴ እጇን ከጨርቁ ላይ ሳታነሣ “በቀትር፣ ዐይኔ እያየ” አለች።

ሮጬ የወፍጮውን ሠራተኛ ጠራሁት። ጎረቤት ሆነን ቤታችን ሲገባ የመጀመሪያው ነበር። ቆቡን አወለቀ። የማን ጋቢ እንደሆነ አልነገርኩትም፤ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። አልጋው ላይ ሳይወጣ ተንጠራርቶ ጠርዙን በጣቱ መታ አደረገው፤ ዱቄቱ በብዛት ወረደ።

“አዴ፣ አልቆመም” አላት። “ጠግቦ ነው። ማጣሪያ ከጠገበ አያስተነፍስም። የእኔም ሞተር ቅዳሜ ካላጠብኩለት እንዲሁ ነው።”

“ከታጠበ ይመለሳል?”

የጠየቀችው ስለ ምን እንደሆነ ገባው፤ ቆቡን በእጁ ላይ ሲያዞር ቆየ። “ትንፋሹ ይመለሳል” አለ። “ሌላውን እኔ አላውቅም፣ አዴ።”

በማግስቱ ጠዋት ወደ ሁሉቃ ወንዝ ወረድን። እህቴን የዱቄት ሳሙና ሽታ ስለሚያስላት እናቴ እንዶድ ወቅጣ ይዛለች። ድንጋዩ ላይ ተቀምጣ ጋቢውን ወደ ውኃው ከማስገባቷ በፊት ፊቷን ቀበረችበት። ረጅም ጊዜ ቆየች። ከዚያ ወደ እኔ ዘረጋችው፤ “አንተም” አለችኝ።

አሸተትኩት። ዱቄት ነው፣ በርበሬ ነው፣ ናፍጣ ነው። ወንድሜ ምን ምን ይሸት እንደነበር ለማስታወስ ሞከርኩ፤ አልመጣልኝም።

“አለ” አልኳት።

ዐይን ዐይኔን አየችኝ። “እኔ ካጣሁት ቆየ” አለች። “ሳጥን ውስጥ እያለ ነው ያጣሁት።” ጋቢውን ወደ ውኃው አስገባችው።

መጀመሪያ ወንዙ ነጭ ሆነ፤ ቀጥሎ የበርበሬው ቅላት ወጣ፤ ከዚያ የእንዶዱ አረፋ፤ ከዚያ ውኃው ብቻ። በሁለት ጫፍ ይዘን ጨመቅነው። ስንጨምቀው ከእጄ ያመለጠኝ መስሎኝ ደንግጬ አጥብቄ ያዝኩት።

እርጥቡን ሰቀልነው። የረጠበ ስለሆነ እንቅስቃሴው ከበፊቱ ቀስ ያለና ከባድ ነበር፤ ግን ያብጣል፣ ይሰምጣል። እናቴ መጥረጊያ አነሣች። ከጥጉ ጀምራ፣ ከአልጋው ሥር፣ ጫማውን አንሥታ አራግፋ መልሳ በቦታው አስቀምጣ፣ እስከ በሩ ድረስ ጠረገች። ጥራጊው ብዙ ነበር። ወደ ውጭ ግን አልጣለችውም። ከበሩ ኋላ ከምራው ተወችው።

አንድ ሳምንት ሙሉ እዚያ ቆየ። በሩ በተከፈተ ቁጥር ከላዩ ትንሽ ይነሣል፤ እህቴ ታስላለች፣ እናቴ ሳሉን እየሰማች ጥራጊውን በዐይኗ ታልፈዋለች። ረቡዕ ዕለት እሷ ገበያ እንደ ሄደች በአካፋ ዝቄ አወጣሁትና ከጓሮ ሜዳው ላይ በተንሁት። ነፋሱ ወሰደው። ወለሉን በእርጥብ ጨርቅ አበስኩ።

ስትመለስ ዘንቢሏን ሳታስቀምጥ ከበሩ ኋላ አየች። እርጥቡን ወለል አየች።

“ነፋስ ነው የወሰደው?” አለች።

“አዎ” አልኳት።

ነጠላዋን አውልቃ ምስማሩ ላይ ሰቀለች። ከዚያ አልጋው ላይ ወጥታ ጋቢውን ማውረድ ጀመረች፤ በማግስቱ ሐሙስ ነበር፣ መርጠብ አለበት።