ወንበሩ ባዶ ሲሆን ማን ይፈርማል

ጎጎ ዳቦ ልትገዛ መጥታ ስለ ካቶሊኮቹ ጳጳስ ከተማ ሳታወራኝ የሄደችበት ቀን የለም ማለት ይቻላል። ጎጎ የምላት ሶዌቶ ካለችው ሱቄ ፊት ለፊት የምትኖር፣ ጡረታ የወጣች ነርስ ናት፤ እዚህ አገር አሮጊት ሁሉ ጎጎ ነው የሚባለው። በአማርኛ ቢሆን አንቱ እላት ነበር፤ የምንግባባበት እንግሊዝኛ አንቱ ስለሌለው አንቺ ሆና ቀረች። ካቶሊክ ናት፣ ያውም የከረረች። እኔ የሆሳዕና ልጅ፣ ጴንጤ ነኝ፤ ስለ ጳጳስ የማውቀው ነገር ቢኖር ነጭ ልብስ መልበሳቸውን ብቻ ነበር። ግን ነገር ካላጣራሁ እህል አይወርድልኝም፤ ተፈጥሮዬ ነው።

የጀመረው ጳጳሱ በሞቱበት ሰሞን ነው። ጎጎ ጥቁር ሻርፕ ጣል አድርጋ መጣችና በሱቄ የብረት ፍርግርግ በኩል እጇን ሰደደችልኝ። አጽናናኋት። ከዚያ ዓይኔን በጨው አጥቤ፣ "ለመሆኑ የዚያ ከተማ ከንቲባ ማነው?" አልኳት። ሐዘንተኛ የሚጠየቅ ጥያቄ እንዳልሆነ ይገባኛል፤ ምን ላድርግ፣ አፌ ቀደመኝ። ጎጎ አልተቀየመችም። "ምንታናሚ" አለችኝ፣ በዙሉ ልጄ ማለቷ ነው፣ "ወንበር አምጪልኝ።"

ከተማ ብቻ አይደለም፣ አገር ነው አለችኝ። በእግር ዞረውት ሰዓት የማይፈጅ፣ በግንብ የታጠረ አገር። ፖስታ ቤት አለው፣ መድኃኒት ቤት አለው፣ ባቡር ጣቢያ አለው፣ የእሳት አደጋ ሠራተኛ ሳይቀር አለው። ሕግ ማውጣቱ፣ ማስፈጸሙና መፍረዱ የጳጳሱ ሥልጣን ነው።

"ሦስቱም በአንድ ሰው እጅ?"

"ሦስቱም።"

አንድ ሰው ደግሞ ሁሉን አይችልምና ለሕጉ ካርዲናል የሚባሉ የትልልቅ ካህናት ኮሚሽን አለ፣ ለፍርዱ ዳኞች አሉ። የመብራቱን፣ የጥበቃውን፣ የሙዚየሙን የዕለት ሥራ የሚያስተዳድር መሥሪያ ቤት አለ። "እሱን አሁን የምትመራው መነኩሲት ናት" አለችኝ ጎጎ፣ ራሷ የሾመቻት ይመስል ደረቷን ነፍታ። ሴት? አልኳት። ሴት! አለችኝ። ሁለታችንም ሳቅን።

ከሁሉ የገረመኝ ግን የዜግነቱ ነገር ነው። እዚያ በመወለድ ብቻ ዜጋ የሚሆን የለም። ዜግነቱ ከሥራው ጋር ይሰጣል፣ ሥራው ሲያልቅ በአብዛኛው አብሮ ያልቃል። "እና ሜዳ ላይ ሊቀር ነው?" ብዬ ደነገጥኩ። ሌላ ዜግነት ከሌለው ጣሊያን ትቀበለዋለች፤ በውል የታሰረ ነው አለችኝ። እኔ እዚህ ፔፐር የምንለውን የጥገኝነት ወረቀት ስንት ጊዜ እንዳሳደስኩ እኔና ጉልበቴ ነን የምናውቀው፤ ካርዲናል ሳይቀር ከዚያ ለቆ ሲሄድ ወረቀቱን እንደሚመልስ ስሰማ፣ እውነቱን ለመናገር፣ ትንሽ ደስ አለኝ። ክፉ ሆኜ አይደለም። ብቻዬን አለመሆኔ ነው።

ከዚያ ወዲህ በየቀኑ ጥያቄ አዘጋጅቼ እጠብቃት ጀመር። ደንበኛ የስልክ ኤርታይም ሲጠይቀኝ እንኳ "ቆይ አንዴ" እለው ነበር። አንድ ቀን "ጳጳሱ ከሞቱ አሁን ማን እየገዛ ነው?" አልኳት።

ጳጳስ ሲሞት የመሥሪያ ቤት ኃላፊዎች ከጥቂቶች በቀር በዚያው ከሥልጣን ይወርዳሉ አለችኝ። ቀለበቱና ማኅተሙ ዳግም እንዳይሠሩ ይበላሻሉ፤ በሞተ ሰው ስም ማንም ደብዳቤ እንዳያትም። ካሜርሌንጎ የሚባል አንድ ካርዲናል ቤቱን ይጠብቃል። ካርዲናሎቹ የዕለቱን ጉዳይና ማደር የማይችለውን ብቻ ይሠራሉ፤ አዲስ ነገር መጀመር ክልክል ነው። እኛ ሐበሾች ብንሆን ማኅተሙን ማን ይዞት እንደሚሮጥ አሰብኩና ለብቻዬ ሳቅኩ።

የሳቅኩበት ነገር ወር ሳይሞላ ቤቴ መጣ። የእድራችን ሊቀመንበር ሞቱ። ስልክ ሲደወልልኝ ሌባ የገደላቸው መስሎኝ ጮህኩ፤ ዲፕስሉት የሚባል ዘራፊ የማይጠፋበት ሰፈር ነው ሱቃቸው። ልባቸው ነው አሉኝ። ከመደርደሪያው አጠገብ እንደቆሙ ነው የወደቁት፣ ነፍሳቸውን ይማር።

እድራችን ሐበሻ የሚበዛበት ሰፈር፣ ሜይፌር ነው፤ ሰው ሲሞት አስከሬኑን አገር ቤት ይልካል። ጸሐፊዋ እኔ ነኝ። ኮሚቴው ውስጥ ያለሁት ሴት እኔ ብቻ ስሆን፣ የተመረጥኩትም "ጽሕፈቷ ያምራል" ተብዬ ነው። ሙት ወቃሽ አያድርገኝና ሊቀመንበራችን ሥልጣን አይጠሉም ነበር። ደንቡን ያመጡት እሳቸው ናቸው። አገር ቤት ከነበሩበት ቀበሌ የእድር ደንብ አስላኩ፣ እኔ የቀበሌውን ስም አውጥቼ ሜይፌር ብዬ ገለበጥኩት፣ ሌላው እንዳለ ቀረ። "ድንኳንና አግዳሚ ወንበር የተዋሰ አባል በሦስት ቀን ይመልስ" የሚል አንቀጽ ዛሬም አለን። ድንኳን የለን፣ አግዳሚ የለን!

እሳቸው ከራሳቸው የጨመሩት አንድ አንቀጽ ብቻ ነው፦ ያለ ሊቀመንበሩ ፊርማና ማኅተም አስከሬን አይንቀሳቀስም። ምክንያት ነበራቸው። አንድ ጊዜ ሁለት ወገን ዘመድ በአንድ ሟች ተጣልቶ፣ አንዱ እዚህ ይቀበር ሌላው አገሩ ይግባ ሲል፣ ሬሳው ስንት ቀን ተጉላልቷል። ለቀብር ድርጅቱም ይህንኑ አስታውቀው ስለነበር፣ የእድሩ ደብዳቤ ካልመጣ ለማንም አይሰጥም።

እንግዲህ እሳቸው ሞቱ። ማን ይፈርም? ምክትሉ ኬፕታውን ከገባ ዓመት አልፎታል፤ ሌላ እንመርጣለን፣ ነገ ዛሬ ስንል ቀረን። ሊቀመንበር ለመምረጥ ጠቅላላ ጉባኤ ያስፈልጋል። ጉባኤውን የሚጠራውስ? ሊቀመንበሩ! ወይ ጉድ። ሰውየው በገዛ ሬሳቸው ላይ ቆልፈው ሄዱ፣ ቁልፉን የቀረጽኩላቸው ደግሞ እኔ።

እሑድ ከአምልኮ መልስ፣ ሜይፌር ከአንድ ምግብ ቤት ጓሮ ባለችው ክፍላችን ተሰበሰብን። ባለቤታቸውም መጣች። ከሆስፒታል ኤምባሲ፣ ከኤምባሲ ቀብር ድርጅት ስትሮጥ ሰንብታ ከንፈሯ ተሰነጣጥቋል። ከሞቱ ጀምሮ አንድ ዘለላ እንባ አላየንባትም። "በረራው ሐሙስ ነው" አለችን። "እናቱ ሆሳዕና ሆነው ቀን ይቆጥራሉ። የቀረኝ የእናንተ ደብዳቤ ብቻ ነው።" ይህን ብላ ወጥታ በረንዳው ላይ ተቀመጠች።

ከኮሚቴው አንዱ፣ መሀል ከተማ ልብስ የሚሸጡ የአዲስ አበባ ሰው፣ ወደ እኔ ዞሩ። "ምን ያስጨንቃል? ቀኑን ባለፈው ሳምንት አድርጊውና ጻፊ። ፊርማቸውን እንደሆነ ከአንቺ በላይ የሚያውቀው የለም፣ ማኅተሙም ይኸው መሳቢያው ውስጥ ነው።"

እውነታቸውን ነው። ሊቀመንበሩ ከዲፕስሉት መውጣት ሲያቅታቸው "ፈርሚልኝ" እያሉኝ ስንት ጊዜ ፈርሜላቸዋለሁ። ያ ትዝ ሲለኝ አፈርኩ፤ ሳፍር ደግሞ ደሜ ይፈላል። "ጋሼ፣ ሟቹ ተነሥተው የራሳቸውን ሬሳ ይሸኙ ነው የሚሉኝ?" አልኳቸው። ሌላው የኮሚቴ አባል፣ የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ፣ በበኩላቸው ደንብ ደንብ ነው አሉ፤ የአሥራ አምስት ቀን ማስታወቂያ ይለጠፍ፣ ጉባኤው መላ ይፈልግ። አሥራ አምስት ቀን! ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም የሚባለው ለካ እኛን ነው። ሳንስማማ ተበተንን። በረንዳው ላይ የተቀመጠችውን ሴት ቀና ብሎ ያያት የለም፣ እኔን ጨምሮ።

ሰኞ ጠዋት ጎጎን ገና ሳትቀመጥ ያዝኳት። "የጳጳሱን ቀብር ማን ፈቀደ?" ነገሩን ሁሉ ዘረገፍኩላት።

"ቀኑን ራሱ ሕጉ ወስኖታል" አለችኝ። "ልዩ ምክንያት ከሌለ ከአራተኛው እስከ ስድስተኛው ቀን ባለው ይቀበራሉ። ቀብር አዲስ ነገር አይደለም፣ ምንታናሚ። ተተኪው የሚመረጠው ከዚያ በኋላ ነው፤ ሬሳ አስቀምጦ ምርጫ የለም።" ዳቦዋን አቅፋ ትንሽ አሰበችና፣ "እናንተ ዘንድ ቤቱን የሚጠብቀው ማነው?" አለችኝ።

"ማንም።"

"መዝገቡ ማን ጋ ነው? የቢሮው ቁልፍስ? ሰው ሲሞት መጀመሪያ የሚደወለው ለማን ነው?"

ሁሉም እኔ ጋ ነበር። እንደዚያ ቀን ፈርቼ አላውቅም። እኔ ፈርሜ ነገ ከዘመድ አንዱ "ማን ፈቀደልሽ?" ብሎ ቢነሣ፣ ፔፐር ይዞ የሚኖር ሰው ምን ብሎ ይመልሳል?

ቢሆንም ማክሰኞ በምሳ ሰዓት ሰዎቹን በራሴ ሥልጣን ጠራኋቸው። ደብዳቤውን ጽፌ ጨርሼ፣ ከግርጌው በራሴ ስም ፈርሜ፣ "ጸሐፊ፤ ሊቀመንበር እስኪመረጥ" ብዬበታለሁ። ማኅተሙን አልነካሁትም።

ሽማግሌው አነበቡና ከመነጽራቸው በላይ አዩኝ። "ይሄን ከየት አመጣሽው?"

እውነቱን ነገርኳቸው።

"እኛ ወንጌላውያን በጳጳስ ሕግ ልንተዳደር?"

"በጳጳስ ሕግ አላልኩም፣ አባ! ጳጳሱን ግን ቀብረዋቸዋል፤ እኛ የራሳችንን ሰው ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጠን ደንብ እናነባለን!" ድምፄ ከልክ በላይ ወጣ። ልብስ ሻጩ ሳቃቸውን ዋጡ። "በማን ሥልጣን ቢባልስ?" አሉኝ። "በማንም" አልኳቸው። "ለዚህ ነው ሁላችሁም ከሥር የምትፈርሙት። ከተጠየቅን አብረን እንጠየቅ።"

መጀመሪያ ብዕር ያነሡት ልብስ ሻጩ ናቸው። ሌሎቹም ተከተሉ። ሽማግሌው ብቻ እጃቸውን አጣጥፈው ቀሩ።

ባለቤታቸውን ጠራናት። ከመውሰዷ በፊት እንዳነብላት ጠየቀችኝ። "የእድራችን የቀድሞ ሊቀመንበር በሞት ስለተለዩን፣ አስከሬናቸው ወደ ትውልድ አገራቸው እንዲሸኝ ከዚህ በታች የፈረምነው ኃላፊነቱን ወስደናል…"

"እስቲ ድገሚው" አለች።

ደገምኩላት።

"የቀድሞ" አለች። ወረቀቱን ተቀብላ ቃሉን በጣቷ ፈለገችው። "ስሮጥለት ስሰነብት እኮ ያለ ነበር የሚመስለኝ። ማታ ስገባ ይሄን ጨረስኩ፣ ይሄ ቀረኝ እያልኩ እነግረው ነበር።" ከዚያ አንድ በአንድ አየችን። "ሞተ? እናንተ፣ ሞተብኝ እንዴ?"

ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ጥላ እያለቀሰች ወደ ወለሉ ዝቅ አለች። ሽማግሌው ወንበራቸውን ገፍተው ሲደርሱላት እሳቸውም እያለቀሱ ነበር፤ በአንድ እጃቸው እሷን እንደደገፉ በሌላው ብዕሩን ከእጄ ወስደው ፈረሙ። እኔ ወለሉ ላይ አጠገቧ ቁጭ አልኩ። ከሞቱ ሰባተኛ ቀናቸው ነበር፤ ለቅሶ የተቀመጥንላቸው ያን ቀን ነው።