ከሰሜን የመጣው ጥቁር አፈር

ጆንያው የመጣው ሲሚንቶ በጫነ መኪና ላይ ነው። ሾፌሩ ዋናው መንገድ ዳር ቆሞ ደወለልኝና ባጃጅ ይዤ ሄድኩ። ባጃጅ ነጂው ጆንያውን ሊያነሣ ሞከረና መልሶ አስቀመጠው።

«ከሰል ነው እንዴ?» አለኝ።

«አፈር ነው።»

«አፈር? ከየት?»

«ከሰሜን። ወንድሜ ልኮት ነው።»

ጆንያውን አየ፣ እኔን አየ። «ሐዋሳ አፈር አለቀ አሉ?» አለና ጫነው። ቤታችን ያለበት ምሥራቅ ክፍለ ከተማ እስክንደርስ፣ መንገዱ ባንገጫገጨን ቁጥር «ቀስ፣ አፈሩ እንዳይሰበር» እያለ አሳቀኝ። ያን ቀን በጣም ስቄ ነበር።

ታናሽ ወንድሜ የዶዘር ኦፕሬተር ነው። ሐዋሳ ዙሪያ መንገድ ሲገፋ ቆየና ሥራው ሲያልቅ፣ ሰሜን ውስጥ የድንጋይ ከሰል የሚወጣበት ቦታ ሰው ይፈለጋል ተብሎ ሄደ። እናቴ መጀመሪያ መሬት ውስጥ ገብቶ የሚሠራ መስሏት ስንት ቀን ሙሉ ጸለየች። «አይ እማ፣» ይላታል በስልክ፣ «ዋሻ አይደለም። መሬቱን ከላይ እንደ ሽንኩርት ነው የምንልጠው። ከሰሉ ሥር አለ። እሱ ሲወጣ ጉድጓዱን መልሰን እንሞላዋለን።» እናቴም «ታዲያ ልትሞሉት ለምን ቆፈራችሁት?» ትለዋለች። ይስቃሉ።

ስልኩ ከእሁድ በስተቀር አይሠራም። ካምፑ ያለበት ሸለቆ ኔትወርክ የለውም። እሁድ እሁድ ግን ከመንደሩ በላይ ያለው ጉብታ ላይ ይወጣና ይደውላል። ድምፁ ከነፋስ ጋር ነው የሚመጣው።

የተከራየው አንድ ሽማግሌ ቤት ነው። አሁን የሚሞላው ጉድጓድ ደግሞ የእኚሁ ሽማግሌ የእርሻ መሬት ነበር። ከሰሉ ሲገኝ መሬቱ ተወሰደ፤ ከሰሉ ሲያልቅ ጉድጓዱ ተሞልቶ፣ አፈር ለብሶ ይመለሳል ተባለ። ሽማግሌው በየማታው ምርኩዛቸውን ይዘው ጉድጓዱ አፋፍ ላይ ይቆማሉ። አንድ ነገር ብቻ ነው የሚጠይቁት። «ልጄ፣ ዘንድሮ አርሳለሁ?»

«ክረምቱ ሳይገባ ያርሳሉ፣» አላቸው ወንድሜ። ይህን የነገረን ራሱ ነው። ደግሞም በእኛው ቃል ነው የማለላቸው፣ ሃላሌ ብሎ። በሲዳማ ሃላሌ እውነት ማለት ነው። በተራ እውነት ግን አይቆምም፤ ከእሱ የወጣ ሰው እህሉም ከብቱም አይባረክለትም ይባላል። ሽማግሌው ቃሉን አያውቁትም። እሱ ግን ምን እንዳለ ያውቃል።

አሁን ወደ አፈሩ ልምጣ። ሥራው ሲጀመር ከመሬቱ ላይ የተገፈፈው ቀይ አፈር ለብቻው ተከምሯል። ኢንጂነሩ የሰጠው ትእዛዝ ግልጽ ነበር፤ ድንጋዩና ከከሰሉ ጋር የወጣው ጥቁር አፈር ከታች ይገባል፣ ቀዩ መጨረሻ ላይ ይለብሳል። ወንድሜ ቀዩን ክምር አየው። ዝናብ ያጠበው፣ አረም የወረሰው፣ ጠጠር የበዛበት፣ ምንም የማይመስል ነገር። ከጎኑ ደግሞ ከከሰሉ ጋር የወጣው አለ። ጥቁር፣ ለስላሳ፣ በእጅ ሲያፍሱት የሚፈርስ።

ከእንሰት ጓሮ የወጣ ልጅ ይህን ሲያይ ምን ያስባል? እኛ ያደግንበት ገጠር እናቴ በየጠዋቱ የከብቱን እበትና የምድጃውን አመድ ተሸክማ እንሰቱ ሥር ትደፋ ነበር። አፈሩ ከዓመት ዓመት ይጠቁራል። ሰው ልጁን ሊድር ሲያስብ መጀመሪያ የሚያየው ቤቱን አይደለም፣ ጓሮውን ነው። አፈሩ ከጠቆረ ቤቱ የሚሠራ ሰው አለው ማለት ነው። ቀይ ከሆነ ሰነፍ አለ። እኛ ዘንድ ጥቁር አፈር እጅ የነካው አፈር ነው። ወንድሜም ሰሜን ላይ ቆሞ የእናቱን ጓሮ አየ።

ኢንጂነሩ ሌላ ጉድጓድ ላይ ነበር፣ ብዙም አይመጣም። ወንድሜ ሽማግሌውን «ቀዩን ለምን አለብስብዎታለሁ? ጥቁሩን ነው የማለብስልዎ፣» አላቸው። እሳቸው ቀዩን ክምር በምርኩዛቸው ነካ አድርገው «መኪናውን የያዝከው አንተ ነህ፣» አሉት። እሱም ይህን እንደ ምርቃት ቆጠረው። ከዚያም ከደስታው ብዛት ለእናቱ አንድ ጆንያ ላከ።

እናቴን ያን ቀን ማየት ነበር። ጆንያውን ፈትታ እጇን እስከ ክርኗ አስገባች። ምሥራቅ ያለው ግቢያችን ጠባብ ነው፣ አፈሩም አሸዋ ይበዛዋል። እሷ ግን ጥጉ ላይ እንሰት ተክላለች፣ በአጥሩ በኩል ጎመን አላት። አፈሩን ለሁሉም አካፈለች። ለጎረቤታችን፣ ሱቅ ላላት የስልጤ ሴት፣ በጣሳ ሰፍራ «ልጄ የላከው ነው፣ ለቃሪያሽ» ብላ ሰጠቻት። የተረፈው ጆንያው ውስጥ ቀረ።

የእኛ የበልግ ዝናብ ከእነሱ ክረምት ይቀድማል። ይህ ባይሆን ኖሮ ምንም የማወራው አልነበረኝም።

ዝናቡ መጣ፣ ደጋገመው። አንድ ጠዋት ሱቄ ልሄድ ስወጣ ከጎመኑ ሥር ተነሥቶ በአጥሩ ስር የሚወርደውን ውሃ አየሁት። የዛገ ቆርቆሮ ያጠቡበት ይመስላል፣ ብርቱካንማ። በሳምንቱ ጎመኑ ከጠርዙ ቢጫ ሆነ፣ ከዚያ ተቃጠለ፣ ከዚያ ተኛ። የእንሰቱም ችግኝ ቅጠሉ ጫፉ ላይ እሳት የነካው መሰለ።

«የጎረቤት ዶሮ ነው፣» አለች እናቴ።

«ዶሮ ጎመን ይበላል እንጂ ያቃጥላል?»

«ታዲያ ምንድን ነው? ልጄ የላከው አፈር ነው ልትይኝ ነው?»

በማግስቱ ጎረቤታችን ነጠላዋን ተከናንባ መጣች። ከነጠላው ሥር ጣሳ ይዛለች። በሩ ላይ ቆማ እግሯን እያሻሸች «እናቴ፣ አይቀየሙኝ፣ ስጦታ አይነቀፍም፣» አለችና ጣሳውን አወጣችው። ቃሪያው ቆሞ ደርቋል። እናቴ ጣሳውን ተቀብላ ለረጅም ጊዜ አየችው። ከዚያ «ግቢ፣ ሻይ ጠጪ፣» አለቻት።

ያኔ ነው የገባኝ። የሽማግሌው መሬት የለበሰው ይኸው አፈር ነው። ጆንያ ሳይሆን እርሻ ሙሉ። ክረምቱ ሲገባ ያ ዝገት የመሰለ ውሃ ከዳር እስከ ዳር ይወርዳል፣ የዘሩት ይቃጠላል፣ እኚያ ሰው ለዚህ ነው ስንት ዓመት አፋፍ ላይ የቆሙት። ወንድሜስ? ሃላሌ ብሎ ምሏል።

ደወልኩ። ያቺ የስልክ ሴት «ማግኘት አይችሉም» አለችኝ። ጠዋት ደወልኩ፣ ቀን ደወልኩ። እሷ አትሰለችም። መሃል ከተማ ያለችው ሱቄ ውስጥ ልብስ እሰፋለሁ፤ በዚያ ሳምንት የአንድ ሴት ቀሚስ እጅጌ ገልብጬ ሰፍቼ ሴትየዋ «ክንፍ ልታበቅይልኝ ነው?» አለችኝ። በሬዲዮ የአየር ትንበያ ሲነበብ የስፌት መኪናዬን አቆማለሁ። ሰሜን ደመና አለ ይላል። እንደገና መርገጥ አቅቶኝ እቀመጣለሁ።

ቅዳሜ ማታ እራት ላይ ለእናቴ ነገ እንደምነግረው ነገርኳት።

«አትነግሪውም፣» አለች።

«እማ፣ የሰው እርሻ ነው።»

«ልጄ በሰው አገር ነው ያለው። እዚያ ማን አለው? ስሙ ብቻ ነው ያለው። አንድ ጊዜ ካፈረ የት ይገባል?»

«ዝናብ ሲያሳፍረውስ?»

ተነሥታ ሰሃኗን አነሣች። እኔና እሷ እስክንተኛ አልተነጋገርንም። እኛ ቤት ይህ አይደረግም።

እሁድ ከቸርች እንደ ተመለስን ስልኩ ጮኸ። ነፋሱ መጣ፣ ከነፋሱ በኋላ የእሱ ድምፅ። ደስ ብሎታል። «እትዬ፣ ጨረስኩት! ጥቁር ምንጣፍ ነው የሚመስልሽ። ሽማግሌው በዚህ ሳምንት በሬ ያስገባሉ።»

ነገርኩት። ውሃውን፣ ጎመኑን፣ ጣሳውን።

«ኢንጂነሩ ደውሎልሻል?»

«ኢንጂነሩ የእኔን ስልክ ከየት ያመጣዋል?»

«እሱም ጥቁሩ ከታች ይግባ ነው የሚለው። አንድ ሆናችሁብኛል። ደግሞ አንቺ ልብስ ሰፊ ነሽ፣ አፈር መቼ ታውቂያለሽ? ከገጠር ስንወጣ እንኳ እበት ላለመንካት ስትሸሺ ነበር።»

«ልክ ነህ፣ ሸሽቻለሁ። አፈሩን ግን አንሣው።»

«እማን ስጪኝ። እማ ትንገረኝ።»

እናቴ ከጎኔ ነበረች። ስልኩን ስሰጣት እጇን ወደ ኋላ ሳበች። ከዚያ ተቀበለችው። ድምፁን ከፍ አድርጌው ስለነበር ይሰማኛል።

«እማ፣» አላት፣ ቀስ ብሎ። «ጎመንሽ እንዴት ነው?»

እናቴ በመስኮቱ ወደ ጓሮ አየች። እኔ ውስጤ «በይ፣ በይ» ይላል። አማርኛዋ የገበያ አማርኛ ነው፤ ከልቧ ስትናገር ወደ ቋንቋችን፣ ወደ ሲዳሙ አፎ፣ ትመለሳለች። በዚያው መለሰችለት።

«ሞተ።»

«ሁሉም?»

«ሁሉም። አፈርህ አቃጠለው፣ ልጄ። ለሽማግሌው ምን ብለህ እንደማልክ ታውቃለህ። ሂድና አንሣው።»

ነፋሱ ትንሽ ከነፈሰ በኋላ ስልኩ ተዘጋ። እናቴ ስልኩን ጭኗ ላይ አስቀምጣ «ተቆጣኝ፣» አለች። በሕይወቷ ልጇ ተቆጥቷት አያውቅም።

የሚቀጥለው እሁድ አልደወለም። ስልኩን ጠረጴዛ ላይ አድርገን ቁጭ አልን፤ ምሳ ቀረበ፣ ምሳ ተነሣ። የሬዲዮው ሰው ሰሜን ላይ ከባድ ዝናብ አለ። ከዚያም በኋላ ያለው እሁድ እንደዚያው ሆነ። እናቴ በየቀኑ እየሄደች ጎመኑ የነበረበትን አፈር በአካፋ ሳይሆን በእጇ እየዛቀች ወደ ጆንያው መለሰችው፣ እስከ አሸዋው ድረስ። ላግዝሽ ስላት «የእኔ ልጅ ነው የላከው» ትለኛለች።

በመጨረሻ ከማናውቀው ቁጥር ተደወለ። የሽማግሌ ድምፅ ነው፣ ያለከልካል። ጉብታውን ራሳቸው ወጥተው ነው።

«የኦፕሬተሩ እናት ቤት ነው?»

ስልኩን ለእናቴ ሰጠኋት። እሷ የእሳቸውን አማርኛ በግማሽ ትሰማለች፣ እሳቸው የእሷን በግማሽ፤ ስለ ጤና፣ ስለ ልጆች፣ ስለ ከብት ሲጠያየቁ እኔ ጥፍሬን እበላለሁ። ከዚያ እሳቸው ጀመሩ።

«ልጅዎ መጥቶ ተሳስቻለሁ አለኝ። እኔም ነገሩ ከብዶኝ ነበር፤ ያባቴ መሬት ቀይ ነበር። ግን መኪና የያዘ ሰው ያውቃል ብዬ ዝም አልኩ። ጥፋቱን ለኢንጂነሩም ሄዶ ነገረው፤ እሱም ከከሰል ጋር የወጣ አፈር ዝናብ ሲነካው ለተክል መርዝ ይሆናል አለው። ጥቁሩን ገፎ፣ በዳር በኩል ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍሮ ከተተው። ቀዩን ሲመልስ ዝናቡ ያዘው። ጭቃው መኪናውን እየዋጠበት ገፋ። ዛሬ ጉንፋን ጥሎት ተኝቷል፣ ድምፁም የለም። አፍሮም ይሆናል።»

«ተሸፈነ?» አለች እናቴ። ሌላውን ትታ።

«በታች በኩል ያለው ጥግ ቀርቷል። ጭቃ ሆነ። በጋ ላይ አነሣዋለሁ ብሎኛል።»

«ካለ ያነሣዋል። እርስዎስ? ዘሩ?»

ነፋሱ በመሃል ገባ። እናቴ ስልኩን በሁለት እጇ ጨብጣ ጆሮዋ ላይ አጣበቀችው።

«ቀዩ ላይ ዘርቻለሁ፣» አሉ ሽማግሌው። «ጤፉ ብቅ ብሏል። ስስ ነው፣ መሬቱ ከተመለሰ ወዲህም የመጀመሪያው ነው። ግን አረንጓዴ ነው።»

እናቴ ተቀመጠች። ቆማ እንደ ነበር እስከዚያ ድረስ አላየሁም።

ሲሚንቶ ያመጣው ያው ሾፌር ባዶውን ወደ ሰሜን ሲመለስ ደወልኩለት። እናቴም አብራኝ መጣች። ጆንያውን አፉን ሁለት ጊዜ አስራዋለች፤ ሐዋሳ ውስጥ የት እንደሚጣል አስባ አስባ፣ የትም ብትደፋው የሰው መሬት ሆኖባት ነው። በሌላ ፌስታል ደግሞ ለሽማግሌው ቡላ ይዛለች።

«አፈሩ ተመልሶ ሊሄድ ነው?» አለ ሾፌሩ። «ምነው፣ አልተስማማውም?»

«ከወጣበት ጉድጓድ ይግባ፣» አለችው እናቴ። ጆንያውን ኋላ አስጫነች፣ ቡላውን ግን ራሷ ወደ ጋቢናው አቀበለችው። ሞተሩ ከተነሣ በኋላም በሩን ይዛ አልለቅ አለች። «ልጄ፣ ሁለቱን እንዳታቀራርብ።»