ድምጿ በነበረ ጊዜ

ፓንክ የሚባል፣ እየጮኹ የሚዘፍኑት ሙዚቃ መኖሩን ያወቅሁት ከእሷ ነው። መሪ ሰፈር፣ ኮንዶሚኒየም ውስጥ አንድ ሕንፃ ላይ እንኖር ነበር፤ እሷ አራተኛ ፎቅ፣ እኔ ሁለተኛ። ቀን ቀን ልብስ ስፌት ቤት ትሠራለች። ፀጉሯን በራሷ መቀስ ጎምዳው የመጣች ጊዜ እናቷ ሦስት ቀን አኮረፈቻት። እኔን ድራም ያስያዘችኝም እሷ ናት። "አልችልም" ስላት፣ "እኔስ መዝፈን እችላለሁ እንዴ? ዝም ብለሽ ምቺ!" አለችኝ።

ቅዳሜ ከሰዓት፣ ለድግስ በግ በሚታረድበት የጋራ ቤት ውስጥ እንለማመዳለን። ጊታሩን ራሷ ነበር የምትይዘው። ስለ ታክሲ ሰልፍ፣ በመንገድ ስለሚጎነትሏት ወንዶች፣ ስለ አሠሪዋ ትጮኻለች። አንድ ቀን አንዲት አሮጊት ጎረቤታችን ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ገቡ።

"ማን ሞቶ ነው፣ ልጆቼ?"

"ማንም አልሞተም፣ እማማ። ዘፈን ነው።"

"ታዲያ እንዲህ የሚያስጮህሽ ምንድን ነው?"

"ብዙ ነገር ነው" አለቻቸው። ጄሪካን ላይ ቁጭ ብለው እስክንጨርስ ሰሙን። ሲወጡ፣ "እግዜር ያውጣልሽ" አሏት።

ሰው ፊት የዘፈንነው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ መገናኛ አካባቢ፣ አንድ መጠጥ ቤት። ሁለተኛው ዘፈን ላይ ባለቤቱ ማጉያውን ነቀለው። እሷ ያለ ማጉያ ቀጠለች። ከፊት የነበሩ ሁለት ሴቶች አብረዋት ጮኹ። ከዚያ ወዲህ ሰፈራችን ውስጥ ፀጉራቸውን የጎመዱ ልጃገረዶች ማየት ጀመርኩ።

ከዚያ አንገቷ ላይ እንቅርት ወጣባት፤ እያደገ ትንፋሽ አሳጣት። ሐኪሙ ቀዶ ሕክምናው ድምጿን ሊጎዳ እንደሚችል አስቀድሞ ነግሯት ነበር፤ ምርጫ ግን አልነበራትም። ከቀዶ ሕክምናው ስትነቃ የቀራት ሹክሹክታ ብቻ ነበር። "ጥቂት ወራት ጠብቂ፣ ሊመለስ ይችላል" አሏት ሐኪሞቹ። ጠበቀች። ዓመት አለፈ።

እናቷ እንጦጦ ጸበል ስትወስዳት አብሬ ወጣሁ። ብርዱ አጥንት ይሰብራል። በዙሪያችን ሰዎች ይጮኻሉ፣ ይወራጫሉ። አጥማቂው ውሃውን ፊቷ ላይ እየረጩ፣ "ተናገሪ፣ ልጄ! ጩኺ!" አሏት። አፏን ከፈተች። ልክ እንደ ልምምዳችን ጊዜ የአንገቷ ሥሮች ተገታተሩ፣ ዓይኗ ተጨፈነ። ምንም አልወጣም። ዞር ብዬ አለቀስኩ። ሁለት ሳምንት ተጠምቃ እንደሄደች ተመለሰች።

አሁን አያት ሰፈር ቤት ተከራይታ ትኖራለች፤ ቤቷ ውስጥ የሱሪ እግር ታሳጥራለች። አምና አንዲት ፀጉሯን የጎመደች ተማሪ በሬን አንኳኩታ፣ "እንደ እሷ መዝፈን እንድታስተምረኝ ለጓደኛሽ ንገሪልኝ" አለችኝ። ሄጄ ነገርኳት።

ጆሮዬ ላይ ተጠግታ፣ "ይቅርባት በያት" አለች።

"ለምን?"

"ማን ሰማን?"

"እኔ ሰምቼሻለሁ" አልኳት። ራሷን ነቀነቀችና ወደ ስፌቷ ተመለሰች።

ለልጅቷ እውነቱን መንገር አቃተኝ። "አገር ለቃ ሄዳለች" አልኳት። ያመነችኝ አይመስለኝም። ደረጃው ላይ ትንሽ ቆመችና ወረደች። ከዚያ ወዲህ አላየኋትም።